ሕልምን በሰዓት የለካው ሊቅ፦ የናታኒየል ክላይትማን ሕይወትና ሥራ

ሌሊቱን ሙሉ የታየ የሚመስል ሕልም እንዲያው በቅጽበት ያልፋል የሚል እምነት አለ። አልፍሬድ ሞሪ የተባለ ፈረንሳዊ ምሁር በ19ኛው ክፍለ ዘመን ለዚህ እምነት ማስረጃ የሚመስል ነገር አቅርቦ ነበር። ሞሪ በሕልሙ በፈረንሳይ አብዮት ዘመን ይያዛል፣ ችሎት ፊት ይቆማል፣ ሞት ይፈረድበታል፣ በጋሪ ተጭኖ ወደ አደባባይ ይወሰዳል፤ ስለቱ አንገቱ ላይ ሲያርፍ ይነቃል። ለካ የአልጋው ራስጌ እንጨት ወድቆ አንገቱን መትቶት ኖሯል። ታዲያ ያ ሁሉ ታሪክ የተፈጠረው እንጨቱ ከነካው እስከ ነቃበት ባለችው አንዲት ቅጽበት ነው ብሎ ደመደመ።

ነገሩ በመሣሪያ ተፈትኖ መልስ ያገኘው ከ100 ዓመት ገደማ በኋላ፣ ናታኒየል ክላይትማን በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ባቋቋመው የእንቅልፍ ላቦራቶሪ ነው። (እዚህ ላይ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ክላይትማን ራሱን የሕልም ተመራማሪ አድርጎ ቆጥሮ አያውቅም። የሚያሳስበው ጊዜ ነበር፤ ሰው ለምን በዚህ ሰዓት ይተኛል፣ በዚያ ሰዓት ይነቃል? ወደ ሕልም የደረሰው በዚሁ በር ነው። ሥራውን ለመረዳትም ከጊዜው ጥያቄ መጀመር ይሻላል።

የተወለደው በ1895 በኪሺኔቭ፣ ያኔ በሩሲያ ግዛት ሥር በነበረችው የዛሬዋ የሞልዶቫ ዋና ከተማ፣ ከአይሁድ ቤተሰብ ነው። ቤይሩት ውስጥ ትምህርት ጀምሮ ሳለ አንደኛው የዓለም ጦርነት አቋረጠውና በ1915፣ በ20 ዓመቱ፣ ባዶ እጁን ኒውዮርክ ገባ። ስምንት ዓመት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ የመጀመሪያና ሁለተኛ ዲግሪውን ጨርሶ በ1923 ከቺካጎ ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ዲግሪውን ተቀበለ። የመመረቂያ ጥናቱ ስለ እንቅልፍ እጦት ነበር። በዚያ ዘመን እንቅልፍ የፊዚዮሎጂ ምሁራን ዕድሜያቸውን የሚሰጡት ርዕስ አልነበረም፤ ሰው ሲተኛ አንጎሉ ይጠፋል፣ የጠፋ ነገር ደግሞ አይጠናም ይባል ነበርና። እሱ ግን እስከ ጡረታው፣ እስከ 1960 ድረስ፣ ከዚያው ርዕስ አልተነቃነቀም።

ከመጀመሪያዎቹ ግኝቶቹ አንዱ ሌሊት ሠርቶ የሚያውቅ ሰው ሁሉ ወዲያው የሚገባው ነው። ክላይትማን ራሱንም ሌሎችንም ለቀናት እንቅልፍ ነሥቶ ይከታተል ነበር፤ በአንድ ሙከራ እሱ ራሱ 180 ሰዓት ያህል ሳይተኛ ቆይቷል። ድካም ከሰዓት ሰዓት እየተጠራቀመ የሚሄድ ቢሆን ኖሮ፣ ሌሊቱን ያልተኛ ሰው ንጋት ላይ ከእኩለ ሌሊቱ የባሰ መድከም ነበረበት። የታየው ግን ተቃራኒው ነው። ከሌሊቱ 9 እና 10 ሰዓት ላይ መቆም ያቃተው ሰው፣ ጠዋት 2 ሰዓት ላይ፣ አንድም ደቂቃ ሳይተኛ፣ ነቃ ይላል።

ምክንያቱ ሁለት ነገር በአንድ ላይ መሥራቱ ነው። አንደኛው የእንቅልፍ ዕዳ ነው፤ በነቃን ቁጥር ይጨምራል፣ ስንተኛ ይከፈላል። ሁለተኛው የሰውነት ሰዓት ነው፤ ተኛንም አልተኛን በ24 ሰዓት ገደማ አንዴ ይዞራል። የሰውነት ሙቀት የዚህ ሰዓት ጠቋሚ ነው። ከቀኑ መጨረሻ እስከ ምሽት ከፍ ይልና፣ ማታ ከ4 እስከ 5 ሰዓት ባለው ጊዜ ተኝቶ ጠዋት በ12 ወይም በ1 ሰዓት በሚነሣ ሰው ላይ ከሌሊቱ 10 ሰዓት አካባቢ እስከ ታችኛው ነጥብ ይወርዳል፤ ልዩነቱ ከግማሽ እስከ 1 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ቢሆን ነው። በዚያ ሰዓት ዕዳውም ከፍ ብሏል፣ ሰዓቱም ዝቅ ብሏል። በሌሊት የሚነዳ ሾፌር፣ የሌሊት ተረኛ ነርስና ዘበኛ በጣም መጠንቀቅ ያለባቸው ይህን ሰዓት ነው። ጠዋት ላይ ነቃ ማለት ደግሞ ዕዳው ተከፈለ ማለት አይደለም፤ ሰዓቱ ወደ ላይ ስለ ወጣ ዕዳው ተሸፈነ እንጂ። ሌሊቱን ነድቶ «አሁን ነቅቻለሁ» ብሎ ጉዞ የሚቀጥል ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው።

28 ሰዓት ያለው ቀን

የሰውነት ሰዓት በራሱ ይዞራል ወይስ ፀሐይ ናት የምታዞረው? ይህን ለመለየት ፀሐይን ማስወገድ ያስፈልጋል። በ1938 በሰኔ ወር ክላይትማንና ብሩስ ሪቻርድሰን የተባለ ተማሪው በኬንታኪ ግዛት ወደሚገኘው ማሞዝ ዋሻ ገብተው 32 ቀን ከመሬት በታች ኖሩ። ክላይትማን 43 ዓመቱ ነበር፤ ሪቻርድሰን በ20 ዓመት ገደማ ያንሰዋል። የዋሻው ሙቀት ሌት ተቀን፣ በጋ ከክረምት 12 ዲግሪ ነው። የቀን ብርሃን የለም፣ ድምፅ የለም። አይጥ ግን ነበር፤ እንዳይወጣባቸው የአልጋዎቹን እግሮች ፈሳሽ በያዙ ቆርቆሮዎች ውስጥ አቆሙ። ምግባቸው ከላይ ካለው ሆቴል ይመጣላቸው ነበር።

የሙከራው ብልሃት ያለው ቁጥሩ ላይ ነው። ቀኑን 28 ሰዓት አደረጉት፤ 10 ሰዓት ሥራ፣ 9 ሰዓት ዕረፍት፣ 9 ሰዓት እንቅልፍ። 28 በ6 ሲባዛ 168 ይሆናል፤ 24 በ7 ሲባዛም 168 ነው። ስለዚህ የእነሱ ባለ 6 ቀን ሳምንት ከውጭው ባለ 7 ቀን ሳምንት ጋር እኩል ያልቃል። አሁን የሙቀት መለኪያውን መመልከት ብቻ ነው የሚቀረው። የሰውነት ሙቀት በሳምንት 6 ጊዜ ከወጣና ከወረደ ሰውነት አዲሱን ቀን ተቀብሏል ማለት ነው፤ 7 ጊዜ ከሆነ ግን ሰውየው በ28 ቢኖርም ውስጡ አሁንም በ24 እየዞረ ነው።

የሪቻርድሰን ሙቀት በሳምንት ገደማ ውስጥ አዲሱን ቀን ተከተለ። የክላይትማን አልተከተለም፤ በ24 ሰዓት እንደዞረ ቀረ። በመርሐ ግብሩ መተኛት በሚገባው ሰዓት ዓይኑ ፈጦ ይቀራል፣ መንቃት ሲገባው እንቅልፍ ይጥለዋል። ሁለት ሰው፣ ሁለት መልስ። ከዚህ ምንም ሕግ ማውጣት አይቻልም፤ መብራታቸውም በመርሐ ግብሩ መሠረት ስለሚበራና ስለሚጠፋ ብርሃን ፈጽሞ ተወግዷል ማለት አይቻልም።

ዘዴው ግን ከውጤቱ በላይ ዕድሜ አገኘ። ሰውነት በደብዛዛ ብርሃን ብቻ 28 ሰዓትን መከተል እንደማይችል በኋላ ተረጋገጠ። ስለዚህ እንቅልፉ በየቀኑ 4 ሰዓት እየዘገየ በሰውነት ሰዓት ዙሪያ ይሽከረከራል፣ በ6 ዙር ሙሉ ክቡን ይጨርሳል፤ ከእንቅልፍ፣ ከምግብና ከእንቅስቃሴ የሚመጣው ለውጥ ከሰዓቱ ለውጥ ተለይቶ ይወጣል። በ1999 ሐርቫርድ ውስጥ ቻርልስ ዛይስለርና ባልደረቦቹ ይህንኑ የ28 ሰዓት ቀን በደብዛዛ ብርሃን 24 ሰዎች ላይ ሠርተው፣ የሰው የውስጥ ሰዓት በአማካይ 24 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ገደማ መሆኑን፣ በወጣቶችና በአረጋውያንም መካከል ልዩነት እንደሌለው አሳዩ። ጥናቱ በሰኔ ወር ታተመ፤ ክላይትማን በነሐሴ ወር በ104 ዓመቱ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ዐረፈ።

እነዚህ 11 ደቂቃዎች ከአዲስ አበባ ዋሽንግተን ለሚመላለስ ሰው ቀላል አይደሉም። ሰዓቱ ከ24 ትንሽ ስለሚረዝም ወደ ኋላ መዘግየት ይቀለዋል፣ ወደ ፊት መቅደም ይከብደዋል። ወደ ምዕራብ መሄድ መዘግየት ነው፤ ወደ ምሥራቅ መመለስ መቅደም ነው። በአሜሪካ በጋ ልዩነቱ 7 ሰዓት ነው። ሰውነት በቀን 1 ሰዓት ገደማ ስለሚያስተካክል በጥቅሉ አንድ ሳምንት ይፈጃል፤ ብርሃን በትክክለኛው ሰዓት ካገኘ ይፈጥናል፣ በተሳሳተው ሰዓት ካገኘ ደግሞ ይባስ ወደ ኋላ ይጎተታል። ሕጉ ይህ ነው፦ ሙቀት ዝቅተኛ ነጥቡ ላይ ከመድረሱ በፊት ያለው ብርሃን ሰዓቱን ያዘገያል፤ ከዚያ በኋላ ያለው ያስቀድማል።

ዋሽንግተን የቆየ ሰው አዲስ አበባ ሲገባ ያ ነጥብ በአዲስ አበባ ከረፋዱ 5 ሰዓት ላይ ይውላል። በመጀመሪያው ጠዋት «ፀሐይ ይፈውሰኛል» ብሎ 1 ሰዓት ላይ ወጥቶ የሚሄድ ሰው ሰዓቱን ወደ ተሳሳተው አቅጣጫ እየገፋ ነው። በመጀመሪያው ቀን እስከ 5 ሰዓት ጥላ ውስጥ መቆየት፣ መውጣት ግድ ከሆነም የፀሐይ መነጽር ማድረግ፣ ከዚያ በኋላ ግን ደጅ ወጥቶ ብርሃን ማግኘት ነው። በየቀኑ ያንን መነሻ በ1 ሰዓት እያስቀደሙ መሄድ ነው የሚቀረው። ወደ ዋሽንግተን ሲሄድ ደግሞ ነጥቡ እዚያ ከምሽቱ 3 ሰዓት ላይ ስለሚውል፣ ከሰዓት በኋላና አመሻሽ ላይ ብርሃን ማግኘት፣ እንቅልፍ ቢጥልም እስከዚያ አለመተኛት ይጠቅማል።

ዓይን ሲንቀሳቀስ

በ1950 ገደማ ዩጂን አሰሪንስኪ የተባለ ተማሪ ክላይትማን ዘንድ መጣ። የተሰጠው ሥራ አሰልቺ ነበር፤ የተኙ ሕፃናትን ዓይን መመልከትና መቼ እንደሚንቀሳቀስ መመዝገብ። ሕፃናቱ ዓይናቸው የማይንቀሳቀስበት 20 ደቂቃ ያህል ጊዜ እንዳላቸው አስተዋለ። ቀጥሎ ወደ ትልልቅ ልጆችና ወደ አዋቂዎች ዞረ።

የመሣሪያው አሠራር ይህን ይመስላል። የዓይን ኳስ የፊት ክፍሉ ከኋላው ይልቅ በኤሌክትሪክ አዎንታዊ ነው። ስለዚህ በዓይን ግራና ቀኝ ቆዳ ላይ ኤሌክትሮድ ቢለጠፍ፣ ዓይን ወደ አንዱ ሲዞር በዚያ በኩል ያለው ቮልቴጅ ከፍ ይላል፤ ማሽኑ ያንን አጉልቶ በብዕር ወረቀት ላይ ይስለዋል። ሌሎች ኤሌክትሮዶች ራስ ቅል ላይ ተለጥፈው የአንጎልን ሞገድ ያነባሉ። ወረቀቱ ያለማቋረጥ ይሮጣል፤ ለአንድ ሌሊት ግማሽ ማይል፣ 800 ሜትር ያህል ያልቃል።

አሰሪንስኪ ያገኘው አሮጌ ማሽን ነበር። በታኅሣሥ 1951 የስምንት ዓመት ልጁን አርመንድን አስተኝቶ ሲቀርጽ፣ ልጁ ተኝቶ ሳለ ብዕሮቹ እንደ ነቃ ሰው ዓይን መወራጨት ጀመሩ። የመጀመሪያው ጥርጣሬ ተገቢው ነበር፤ ማሽኑ ተበላሽቷል። በእንዲህ ዓይነት ቀረጻ ላይ የላላ ኤሌክትሮድ፣ የደረቀ ማጣበቂያ፣ ጭንቅላት ሲገላበጥ የሚጎተት ሽቦ ሁሉ ብዕሩን ያወራጨዋል። መለያው ግን አለ። ዓይኖች አብረው ወደ አንድ አቅጣጫ ሲዞሩ፣ በሁለቱ ውጫዊ የዓይን ጫፎች ላይ ያሉት መስመሮች ተቃራኒ አቅጣጫ ይሄዳሉ፤ ብልሽት ግን እንዲህ ያለ ሥርዓት አይጠብቅም። ከሁሉ በላይ ደግሞ ገብቶ ማየት ይቻላል። አሰሪንስኪ በሌላ ሌሊት፣ ብዕሮቹ ሲወራጩ፣ አንድ አዋቂ ወደ ተኛበት ክፍል ገብቶ የሰውየው ዓይኖች ከተከደኑ ቆቦች ሥር ሲሯሯጡ በዓይኑ አየ።

ክላይትማን ወዲያው አልተቀበለውም። እስኪያምን ድረስ የራሱን ልጅ አስቴርን አስተኝቶ እንደገና ቀረጸ። ይህ ግትርነት በብዙ ትረካ እንደ ጉድለት ይነገራል፤ ለእኛ ግን ከሥራው ሁሉ የሚደነቀው ይህ ነው። ግኝቱ በመስከረም 1953 «ሳይንስ» መጽሔት ላይ በሁለቱ ስም ታተመ። ዓይናቸው ሲንቀሳቀስ ከተቀሰቀሱት 27 ጊዜያት ውስጥ በ20ው ዝርዝር ሕልም ተነገረ። ዓይን ጸጥ ባለበት ከተቀሰቀሱት 23 ውስጥ በ19ኙ ምንም የሚታወስ ነገር አልነበረም። ዓይን የሚንቀሳቀስበት ይህ እንቅልፍ ዛሬ በእንግሊዝኛ ምሕጻረ ቃል ሬም (REM፣ ፈጣን የዓይን እንቅስቃሴ) የሚባለው ነው።

ዊልያም ዲመንት የተባለ ሌላ ተማሪ ሥራውን ወረሰ። አዋቂ ሰው በየ90 ደቂቃው ገደማ ወደ ሬም ይገባል። የመጀመሪያው አጭር ነው፤ 10 ደቂቃ ቢሆን ነው። ወደ ንጋት የሚመጡት ግን ግማሽ ሰዓትና ከዚያ በላይ ይቆያሉ። በአንድ ሌሊት 4 ወይም 5 ጊዜ ይሆናል፤ በአጠቃላይ ከእንቅልፉ ከ20 እስከ 25 በመቶ።

አሁን የሞሪን ነገር መፈተን ተቻለ፤ ሕልም የሚጀምርበትን ሰዓት የሚያሳይ ብዕር አለና። ዲመንትና ክላይትማን በ1957 ባሳተሙት ጥናት ተኚውን ሬም ከጀመረ በ5 ወይም በ15 ደቂቃው ይቀሰቅሱትና «ሕልሙ 5 ደቂቃ ነበር ወይስ 15?» ይሉታል። መጀመሪያ የደቂቃውን ቁጥር በነጻ እንዲገምት ሞክረው ስለከበደ ነው ምርጫውን ወደ ሁለት ያጠበቡት። ከ111 ቅስቀሳ በ92ቱ መልሱ ትክክል ነበር። ከሁሉ ይልቅ የተሳሳተው አንድ ሰው ሲሆን፣ የሕልሙን መጨረሻ ብቻ ስለሚያስታውስ 15ቱን ደቂቃ 5 ይለው ነበር። ስሕተቱ ራሱ የሚያስተምር ነው፤ ሕልሙ አጥሮ ሳይሆን ትዝታው አጥሮ ነው። ሕልም በቅጽበት ያልፋል የሚለው ስሜትም በከፊል ከዚሁ ሳይመነጭ አይቀርም።

በሌላ ሙከራ ዲመንትና ኤድዋርድ ዎልፐርት ተኚው ላይ ቀዝቃዛ ውሃ ይረጩና ትንሽ ቆይተው ይቀሰቅሱታል። አንዱ በሕልሙ ቴአትር ላይ ከዋናዋ ተዋናይ ኋላ እየሄደ ሳለ ድንገት ወደቀች፣ ውሃ ይንጠባጠብባታል፣ ሲጠጋም ጀርባውና ራሱ ላይ ፈሰሰበት፤ ቀና ሲል ጣሪያው ያፈሳል። ውሃው በሕልሙ ውስጥ የገባበት ቦታ ስለሚታወቅ፣ ከዚያ በኋላ የሆነውን ነገር መጠን ከእውነተኛው ደቂቃ ጋር ማስተያየት ይቻላል፤ ተቀራራቢም ሆኖ ተገኘ። በኋላ ደግሞ እያለሙ መሆናቸውን የሚያውቁ ሰዎች በሕልማቸው ዓይናቸውን ግራ ቀኝ በማድረግ ምልክት እየሰጡ ሲቆጥሩ፣ ቆጠራው ነቅተው ከሚቆጥሩት ብዙም አልራቀም። ቁጭ ብድግ መሥራትን የመሰለ የአካል እንቅስቃሴ ግን በሕልም ከነቃው ጊዜ ይልቅ ረዘም ያለ ጊዜ ይወስዳል።

የቀረው ነገር

ክላይትማን በሁሉ ልክ አልነበረም። የ24 ሰዓቱን ዑደት ሰው ከአካባቢው እየለመደ የሚያገኘው ነው ብሎ ያምን ነበር። ዛሬ በዘር የሚወረስ መሆኑ ይታወቃል። በ1971 ኮኖፕካና ቤንዘር አንድ ጂን ሲለወጥ የዝንብ ቀን እንደሚያጥር፣ እንደሚረዝም ወይም እንደሚጠፋ አሳዩ፤ ጂኖቹ እንዴት እንደሚሠሩ የፈቱት ሦስት አሜሪካውያን በ2017 የኖቤል ሽልማት አገኙ። እንቅልፍንም የንቃት መቋረጥ ብቻ አድርጎ ያይ ነበር፤ ይህን ያፈረሰው ከራሱ ላቦራቶሪ የወጣው ሬም ነው፤ በሬም ጊዜ አንጎል እንደ ነቃ ይሠራል፣ ጡንቻ ግን ይፈታል። አሰሪንስኪም ዲግሪውን እንደያዘ ከመስኩ ወጥቶ የሳልሞን ዓሣ ወደ ማጥናት ሄደ፤ የተመለሰው ከዓመታት በኋላ ነው።

ሕልሙን ማስታወስ የሚፈልግ ሰው ከዚህ ሁሉ የሚያገኘው ሥራ ላይ የሚውል ነገር አለ። ማታ 4 ሰዓት ተኝቶ ጠዋት 12 ሰዓት የሚነሣ ከሆነ ረጃጅሞቹ ሬሞች ከሌሊቱ 9 ሰዓት በኋላ ይመጣሉ። እንቅልፉን አሳጥሮ 5 ሰዓት ብቻ የሚተኛ ሰው የሚያጣው በአብዛኛው ይህን ክፍል ነው። አልኮል በሌሊቱ መጀመሪያ ሬምን ይገፋል፤ ብዙዎቹ የድብርት መድኃኒቶችም ይቀንሱታል (ለዚህ ሲባል ግን መድኃኒት በራስ ማቋረጥ አይገባም)። እንደነቁ ሳይገላበጡ፣ ስልክ ሳያነሡ፣ ከመጨረሻው ትዕይንት ጀምሮ ወደ ኋላ መሄድ ነው፤ ከዚያ መጻፍ። ከሬሙ በኋላ ደቂቃዎች ካለፉ አብዛኛው ይጠፋል።

ሌላውን ለሚቀሰቅስ ሰው ደግሞ ጥያቄው ራሱ ልዩነት ያመጣል። በ1957ቱ ጥናት ከሬም ውጭ ከተቀሰቀሱት 160 ጊዜያት በ11ዱ ብቻ ነበር ሕልም የተነገረው፤ ከሬም ከተቀሰቀሱት 191 ግን በ152ቱ። በ1962 ዴቪድ ፎልክስ፣ እዚያው ቺካጎ፣ «ሕልም አይተህ ነበር?» ማለቱን ትቶ «ከመንቃትህ በፊት በአእምሮህ ምን ነበር?» ሲል፣ ከሬም ውጭ ከነበሩት ቅስቀሳዎች ከግማሽ በላይ የሆኑት አንድ ነገር ይዘው ወጡ፦ አንዳንዱ ሐሳብ፣ አንዳንዱ ምስል፣ አንዳንዱም ከሬም ሕልም የማይለይ ሙሉ ታሪክ። ሕልምና ሬም አንድ ናቸው የሚለው ቀላል እኩልታ ከዚያ ወዲህ አልቆመም፤ የፊት አንጎላቸው ተጎድቶ ሬማቸው እያለ ሕልም ያጡ ሕሙማንም ተገኝተዋል። ስለዚህ ዛሬ በእንቅልፍ ላቦራቶሪ ተኚውን የሚቀሰቅስ ባለሙያ የመጀመሪያ ጥያቄው ብዙ ጊዜ የፎልክስ ዓይነት ነው፤ «ሕልም» የሚለውን ቃል የሚያነሣው ተኚው ራሱ ካነሣው በኋላ ነው።